የአንዲት እንቁላል ባለቤት ማን ነው? የፍራንቸስካውያን የድህነት ክርክር፣ 1321–1329

(በጽሑፉ ያሉት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በ1321 በደቡብ ፈረንሳይ፣ በናርቦን ከተማ፣ የቤልናው ዮሐንስ የተባለ ዶሚኒካዊ መነኩሴ በመናፍቃን መርማሪነቱ አንድ ተከሳሽ ይዞ ነበር። ተከሳሹ ቤጊን ከሚባሉትና የፍራንቸስኮስ ዘአሲዚን ደንብ ለሚከተሉት መነኮሳት፣ ለፍራንቸስካውያን፣ ቅርብ ከነበሩት ምእመናን ወገን ነው። ከተያዘባቸው ቃሎች አንዱ፣ ክርስቶስና ሐዋርያት በግልም በጋራም ምንም ንብረት አልነበራቸውም የሚለው ነበር። መርማሪው ከመፍረዱ በፊት የከተማዋን ሊቃውንት ሰብስቦ አማከረ። ከተሰበሰቡት መካከል የናርቦን ፍራንቸስካውያን ገዳም የነገረ መለኮት መምህር ቤረንጋር ታሎን ተነሥቶ፣ ይህ ቃል ቤተ ክርስቲያን ራሷ በድንጋጌ ያጸናችው ትምህርት እንጂ ኑፋቄ አይደለም አለ። ቃልህን መልስ ቢባል እምቢ አለና ይግባኙን በዚያ ዘመን በፈረንሳይዋ አቪኞን ይቀመጡ ወደነበሩት የሮም ቤተ ክርስቲያን ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት (ከዚህ በኋላ “ጳጳሱ”) ወሰደ።

ጉዳዩ ስምንት ዓመት ፈጀ። በመካከሉ የአንድ ታላቅ ማኅበር አለቃ ከሥልጣኑ ወረደ፣ ከዘመኑ ጥልቅ አሳቢዎች አንዱ ከአቪኞን በሌሊት ሸሸ፣ ስለ ባለቤትነትና ስለ መብትም ከዚያ በፊት በዚያ ጥራት ያልተጻፈ ነገር ተጻፈ። ታሪኩ ሲነገር አብዛኛውን ጊዜ ባለጸጋ ቤተ ክርስቲያን ድሆች መነኮሳትን እንደ ገፋች ተደርጎ ነው። ሰነዶቹን ተራ በተራ ላነበበ ሰው ግን ሌላ ነገር ይታየዋል። ፍራንቸስካውያን ቅድስናቸውን በአንድ የንብረት ሕግ አወቃቀር ላይ አቆሙ፤ አወቃቀሩ ደግሞ የቆመው በጳጳሱ ፈቃድ ብቻ ነበር። ፈቃዱ በተነሣ ዕለት ምን እንደ ተረፈና ምን እንደ ፈረሰ ማየቱ ነው የዚህ ጥናት ሥራ።

አወቃቀሩ እንዴት ተሠራ

የፍራንቸስኮስ ዘአሲዚ ደንብ በ1223 በጳጳሱ በሆኖሪዮስ 3ኛ ሲጸድቅ ሁለት ከባድ ትእዛዛት ይዟል። ምዕራፍ 4 ወንድሞች በራሳቸውም ሆነ በሌላ ሰው በኩል ገንዘብ እንዳይቀበሉ ይከለክላል። ምዕራፍ 6 ቤትም ሆነ ቦታ ወይም ሌላ ማናቸውንም ነገር የራሳቸው እንዳያደርጉ ያዛል። የቀደሙት መነኮሳት እያንዳንዳቸው ድሆች ቢሆኑም ገዳማቸው እርሻና ወፍጮ ነበረው። ፍራንቸስካውያን በጋራም ቢሆን ምንም የለንም አሉ። ታዲያ ማኅበሩ በየከተማው ቤተ ክርስቲያን፣ መኖሪያና የመጻሕፍት ክምችት ሲያበጅ የዚህ ሁሉ ባለቤት ማን ይሁን?

መልሱ በየደረጃው ተገነባ። በ1230 ጎርጎርዮስ 9ኛ፣ የፍራንቸስኮስ ኑዛዜ በሕግ አያስገድድም ካሉ በኋላ፣ ወንድሞች ባለቤት ሳይሆኑ በዕቃ መገልገል ይችላሉ ብለው ወሰኑ። በ1245 ኢኖሰንት 4ኛ፣ ሰጪው ባለቤትነቱን ለራሱ ካላስቀረ በቀር ለወንድሞች የተሰጠ ሁሉ የሮም ቤተ ክርስቲያን ንብረት ነው አሉ። በ1269 የማኅበሩ አለቃ ቦናቬንቱራ ለፓሪስ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ተቃውሞ መልስ ሲሰጥ ነገሩን ወደ ነገረ መለኮት ከፍ አደረገው። ኦገስት 14 ቀን 1279 ደግሞ ኒቆላዎስ 3ኛ “ኤክሲት ኪ ሴሚናት” በተሰኘው ድንጋጌ ጣሪያውን ከደኑ። ድንጋጌው ሰው ከዕቃ ጋር ያለውን ግንኙነት በአምስት ይከፍላል፤ ባለሀብትነት፣ ይዞታ፣ የአላባ መብት (በሌላ ሰው ንብረት የመጠቀምና ፍሬውን የመውሰድ መብት)፣ የመገልገል መብት፣ በመጨረሻም ምንም መብት የሌለበት ተራ መገልገል። ፍራንቸስካዊው የሚበላውም የሚለብሰውም የሚያነበውም በአምስተኛው ብቻ ነው። ርስትና ጉልትን ለይቶ ለሚያውቅ አንባቢ በአንድ ነገር ላይ የብዙ ሰዎች ድርሻ መደራረቡ እንግዳ አይሆንም። እዚህ እንግዳ የሆነው፣ ተጠቃሚው አንዳች ድርሻ የለኝም ማለቱ ነው።

በተግባር እንዲህ ይሠራ ነበር። አንድ ነጋዴ ለወንድሞች የልብስ መግዣ መስጠት ቢፈልግ ገንዘቡን በመነኩሴ እጅ አያኖርም። መልእክተኛ የሚሆን ሰው ይሰየማል፤ ገንዘቡ ጨርቁ እስኪገዛ ድረስ የነጋዴው ነው፤ ወንድሞች የጎደላቸውን ለመልእክተኛው ይነግሩታል እንጂ እንደ ባለመብት ሊከሱት አይችሉም። ጨርቁ ከተገዛ በኋላ ባለቤቱ የሮም ቤተ ክርስቲያን ነች፣ ለባሹ መነኩሴው። አንድ ሰው በኑዛዜ የወይን ቦታ ቢተውላቸው እንዳለ መያዝ አይፈቀድላቸውም።

ስንጥቁ የገባው በ1283 ነው። ማርቲን 4ኛ የማኅበሩ አለቆች ራሳቸው ወኪሎችን እንዲሾሙ ፈቀዱ። ወኪሉ በሮም ቤተ ክርስቲያን ስም ይከሳል፣ ይሸጣል፣ ይዋዋላል፤ የሚታዘዘው ግን ወንድሞችን ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ባለቤቱ በወረቀት ጳጳሱ፣ በተግባር ገዳሙ ሆነ። ከማኅበሩ ውስጥ መንፈሳውያን የተባሉት ጥብቅ ወገኖች ይህን አይተው ጮኹ። ጴጥሮስ ዮሐንስ ኦሊቪ፣ ባለቤትነትን መተው ብቻውን አይበቃም፣ አጠቃቀሙም የድሃ አጠቃቀም መሆን አለበት ብሎ ያስተምር ነበር። ሙሉ ጎተራ ይዞ የጎተራው ባለቤት አይደለሁም ማለት ለእርሱ ስእለትን መጠበቅ አልነበረም። በእኔ ግምት ከሁሉ አስቀድሞ ደካማውን ቦታ ያየው እርሱ ነው፤ ማኅበሩ ግን ምክሩን እንደ አመፅ ቆጠረው።

ጳጳሱ ጥያቄውን ሲከፍቱ

ዮሐንስ 22ኛ በ1316 ሲመረጡ የሸመገሉ የሕግ ሰው ነበሩ። በ1317 መንፈሳውያኑ በአጭር ቀሚሳቸውና በእህል ክምችት ላይ ባነሡት ተቃውሞ ለአለቆቻቸው እንዲታዘዙ አዘዙ፤ በሜይ 1318 እምቢ ያሉ አራት መነኮሳት በማርሴይ ተቃጠሉ። በዚህ ጊዜ የማኅበሩ ጠቅላይ አለቃ የቼዜናው ሚካኤልና ጠበቃው የቤርጋሞው ቦናግራዚያ ከጳጳሱ ጎን ቆመው ነበር። በኋላ የሆነውን ለመረዳት ይህን መያዝ ያስፈልጋል፤ በ1322 ከጳጳሱ ጋር የተጋጩት ሰዎች የመንፈሳውያኑ ጠላቶች የነበሩት ራሳቸው ናቸው።

የናርቦኑ ይግባኝ አቪኞን ሲደርስ አንድ እንቅፋት ነበር። “ኤክሲት” ራሱን እንዳይነካ አድርጎ ነው የተጻፈው፤ በይዘቱ ላይ የሚከራከርና ማብራሪያ የሚጨምር ከቤተ ክርስቲያን ይለይ ይላል። በ1298 ደግሞ በቦኒፋስዮስ 8ኛ የሕግ መድበል ውስጥ ገብቷል። ዮሐንስ ማርች 26 ቀን 1322 ክልከላውን አነሡ። ሕግ ያወጣ ሰው ሕጉ ከሚጠቅም ይልቅ የሚጎዳ ሆኖ ሲገኝ ሊሽረው ይችላል የሚል ነው ምክንያታቸው። ካርዲናሎች፣ ጳጳሳትና የነገረ መለኮት ሊቃውንት አስተያየታቸውን በጽሑፍ አቀረቡ። ከእነዚህ አስተያየቶች የተሰበሰበ አንድ መጽሐፍ ዛሬ በቫቲካን ቤተ መጻሕፍት “ቫቲካኑስ ላቲኑስ 3740” በሚል መለያ ይገኛል፤ በኅዳጉ ላይ ጳጳሱ በእጃቸው የጻፏቸው ማስታወሻዎች አሉ። ፍርዱን አስቀድመው ጨርሰውት ነበር የሚሉ ሰዎች ይህን መጽሐፍ ቢያስቡት መልካም ነው፤ በየገጹ የሚሟገት አንባቢ ይታይበታል።

ክርክሩ የሄደው በትምህርት ቤቱ ሥርዓት ነው። አስቀድሞ ጥያቄው ይቀመጣል፤ ቀጥሎ በአንዱ ወገን ያሉ ማስረጃዎች ይደረደራሉ፣ ከዚያ የተቃራኒው፤ መምህሩ በመካከል ፍቺውን ይሰጣል፣ በመጨረሻም የተደረደሩትን አንድ በአንድ ይመልሳል። ጥያቄው፣ ክርስቶስና ሐዋርያት በግልም በጋራም ምንም አልነበራቸውም ብሎ አጥብቆ መያዝ ኑፋቄ ነውን? የሚል ነው። ኑፋቄ ነው የሚሉት ይሁዳ የያዘውን ከረጢት ከዮሐንስ ወንጌል ምዕራፍ 12 ያነሣሉ፤ ደቀ መዛሙርቱ ምግብ ሊገዙ ወደ ከተማ መሄዳቸውን ከምዕራፍ 4 ይጠቅሳሉ፣ የሚገዛ ሰው ባለቤት ይሆናልና። ከሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 4 ደግሞ ምእመናኑ ሁሉን በአንድነት መያዛቸውን ያመጣሉ። አይደለም የሚሉት ማቴዎስ ምዕራፍ 10ን ይጠቅሳሉ፤ ወርቅም ብርም ናስም በመቀነታችሁ አትያዙ፣ ለመንገድም ከረጢት አይኑራችሁ። ለከረጢቱ የሰጡት መልስ ከቦናቬንቱራና ከ“ኤክሲት” የመጣ ነው፤ ክርስቶስ ሁልጊዜ ፍጹም ሆኖ ሳለ ደካሞች እንዳይኮነኑ አንዳንድ ጊዜ የደካሞችን ሥራ ሠራ። ከመንፈሳውያኑ ወገን የነበረው የካዛሌው ኡበርቲኖ የማስታረቂያ ልዩነት አመጣ፤ ሐዋርያት እንደ ቤተ ክርስቲያን አስተዳዳሪዎች ለድሆች የሚያከፋፍሉት ነበራቸው፣ እንደ ግለሰብ ግን የሚገለገሉት በተፈጥሮ ሕግ ብቻ ነው።

ሚካኤል ብይኑን አልጠበቀም። የማኅበሩ ጠቅላላ ጉባኤ በፔሩጂያ ተቀምጦ በጁን 1322 ለምእመናን ሁሉ ሁለት ደብዳቤ አወጣ። ትምህርቱ ጤናማ ነው፣ በ“ኤክሲት” ተወስኗል፣ የሮም ቤተ ክርስቲያን ያጸደቀችው አይሻርም አሉ። በክርክር ሥርዓት ይህ ትልቅ ስሕተት ነበር። ጳጳሱ ገና በመመርመር ላይ ሳሉ ተከራካሪው ወገን ፍርዱን በአደባባይ አነበበ። በዚያ ላይ የንብረት አያያዝ ዘዴውን ከእምነት አንቀጽ ጋር በአንድ ገመድ አሰረ፤ አንዱ ሲጎተት ሌላው አብሮ መሄዱ አይቀሬ ሆነ።

እንቁላሉ

ምላሹ ዲሴምበር 8 ቀን 1322 መጣ፤ “አድ ኮንዲቶሬም ካኖኑም” ይባላል። ጳጳሱ ስለ ክርስቶስ ድህነት እዚህ ላይ ምንም አልወሰኑም። በቀጥታ ወደ መሠረቱ ሄደው ባለቤትነቱን ለማኅበሩ መለሱ። ከአብያተ ክርስቲያናት፣ ከመኖሪያ ቤቶችና ለአምልኮ ከሚያገለግሉ ዕቃዎች በስተቀር ከእንግዲህ ለወንድሞች የሚሰጠው የሮም ቤተ ክርስቲያን ንብረት አይሆንም አሉ። በቤተ ክርስቲያን ስም የሚሠሩ ወኪሎችንም ሻሩ።

ምክንያታቸውን በቅርብ ማየት ይገባል። ቤትን ወይም መጽሐፍን ያለ ባለቤትነት መገልገል ይቻላል፤ ተገልጋዩ ሲሄድ ዕቃው ለባለቤቱ ይቀራል። በመጠቀም የሚያልቁ ነገሮች ግን እንዲህ አይደሉም። እንቁላል፣ አይብ፣ ቁራሽ እንጀራ መጠቀም ማለት ማጥፋት ማለት ነው። መነኩሴው እንቁላሉን በልቶ ሲጨርስ ለሮም ቤተ ክርስቲያን የሚቀርላት ምንድን ነው? ጤናማ አእምሮ ያለው ማን ነው ጳጳሱ ኒቆላዎስ የአንዲትን እንቁላል ባለቤትነት ለቤተ ክርስቲያን ሊያስቀሩ አስበው ነበር ብሎ የሚያምን? ሲሉ ይጠይቃሉ። ባለቤቷ ምንም ጥቅም ካላገኘችበት ባለቤትነቷ የስም ብቻ ነው። በዚህ ላይ ሌላ ነጥብ ጨመሩ። ፍጹምነት በዋነኛነት በፍቅር ነው፤ ንብረትን መተው የሚጠቅመው የዓለምን ጭንቀት ስለሚቀንስ ነው። ወንድሞች ባለቤትነትን ከተዉ በኋላ ስለሚበላና ስለሚጠጣ ነገር ከሌሎች መነኮሳት ያነሰ አልተጨነቁም።

መከራከሪያው ጥንካሬ ያገኘው ከአራጣ ትምህርት ነው። ዶሚኒካዊው የነገረ መለኮት ሊቅ ቶማስ አኩዊናስ አራጣ ኃጢአት የሚሆንበትን ምክንያት ሲያስረዳ፣ በወይን ጠጅና በስንዴ መጠቀም ከባለቤትነቱ አይለይም፣ ስለዚህ ወይኑን ሸጦ የአጠቃቀሙን ዋጋ ለብቻ መጠየቅ አንድን ነገር ሁለት ጊዜ መሸጥ ነው ብሎ ነበር። ይህን መርሕ በድህነት ጉዳይ የሚተው ሰው አራጣ አበዳሪው ላይ የሚመዝዘው ሰይፍ ይደነዝዝበታል። ያው ቶማስ የጋራ ንብረት ፍጹምነትን አይቀንስም፣ ድህነት መሣሪያ እንጂ ግብ አይደለም ብሎም አስተምሯል፤ የዶሚኒካውያን አኗኗር በዚህ ላይ የቆመ ነው። ጁላይ 18 ቀን 1323 ዮሐንስ 22ኛ ቶማስን ቅዱስ ብለው አወጁ፤ የድህነቱ ብይን የወጣው ከአራት ወር በኋላ ነው።

ቦናግራዚያ ጃንዋሪ 14 ቀን 1323 በጳጳሱ ጉባኤ ፊት ተቃውሞውን በጽሑፍ አቀረበ፤ ለአንድ ዓመት ያህል ታሰረበት። ጳጳሱ ግን ተቃውሞውን ችላ አላሉትም። ድንጋጌውን አንሥተው፣ አስፋፍተውና አጠናክረው፣ ያንኑ የዲሴምበር 8 ቀን 1322 ጽፈውበት ዳግመኛ አወጡት። ሰነዱን የሚያጠና ሰው እዚህ ላይ መጠንቀቅ አለበት፤ አንድ ቀን የተጻፈባቸው ሁለት ጽሑፎች አሉ፣ ስለሚያልቁ ነገሮች የሚሰጠው ሰፊ ትንታኔም የሁለተኛው ነው።

ቦናግራዚያ ስለ ክርስቶስና ሐዋርያት ድህነት በጻፈው ድርሳን ፈረስን በምሳሌ አምጥቷል፤ ፈረስ አጃ ይበላል፣ የአጃው ባለቤት ግን አይደለም። ባሪያን፣ በአባቱ ሥልጣን ሥር ያለ ልጅንና በሌሎች ገዳማት ያለ መነኩሴንም ጨምሯል። የፈረሱ ምሳሌ ባለቤትነትና መብላት እንደሚለያዩ በግልጽ ያሳያል፤ ችግሩ ሌላ ቦታ ነው። ፈረስ ፍትሕም በደልም የለበትም። የሰው ድርጊት ግን ወይ የተገባ ነው ወይ ያልተገባ። ዮሐንስ የያዙት ይህን ነው፤ መብት ሳይኖረው የሚጠቀም ሰው ያለ አግባብ ይጠቀማል፣ ክርስቶስ ያለ አግባብ ተጠቀመ ማለት ደግሞ ስድብ ነው። ስለዚህ ክርስቶስ መብት ነበረው። ፍራንቸስካውያኑ ለዚህ የሚሆን መልስ ለማግኘት አሥር ዓመት ያህል ፈጀባቸው።

ኖቬምበር 12 ቀን 1323 “ኩም ኢንተር ኖኑሎስ” ወጣ። አጭር ነው፣ ሁለት ነገር ብቻ ያወግዛል። ክርስቶስና ሐዋርያት በግልም በጋራም ምንም አልነበራቸውም ብሎ አጥብቆ መያዝ ኑፋቄ ነው፤ በነበራቸው ነገር የመጠቀም፣ የመሸጥ፣ የመስጠትና የማግኘት መብት አልነበራቸውም ማለትም እንዲሁ። ክርስቶስ ድሃ አልነበረም የሚል ቃል በውስጡ የለም፤ እንዲህ ተብሎ መጠቀሱ በጣም የተለመደ ስሕተት ነው።

ሽሽቱና ጥገናው

በ1324 ከጳጳሱ ጋር በሥልጣን የተጣላው የጀርመን ንጉሥ የባቫሪያው ሉድቪግ በዛክሰንሃውዘን ባወጣው ይግባኝ ውስጥ የድህነቱን ጉዳይ አስገባ። ከዚያ ወዲህ ክርክሩ ከትምህርት ቤት ወጥቶ የመንግሥታት ጉዳይ ሆነ። ይግባኙ ጳጳሳት በእምነትና በምግባር በዕውቀት ቁልፍ፣ ማለትም ትምህርትን በሚመዝኑበት ሥልጣን፣ አንድ ጊዜ የወሰኑትን ተከታያቸው ሊሽር አይችልም ይላል። ዮሐንስ ይህን በኖቬምበር 1324 አጥብቀው ነቀፉ። ጳጳስ በትምህርቱ አይሳሳትም ወደሚል ሐሳብ የሚገፉት የጳጳሱ ተቃዋሚዎች፣ የሚቃወሙት ጳጳሱ ራሳቸው መሆናቸው ልብ ሊባል ይገባዋል።

ሚካኤል ወደ አቪኞን ተጠርቶ በ1327 መጨረሻ ደረሰ። ኤፕሪል 9 ቀን 1328 ጳጳሱ ስለ ፔሩጂያው ደብዳቤ ፊት ለፊት ገሠጹት፤ በአራተኛው ቀን ሚካኤል በምስክሮች ፊት የምስጢር ተቃውሞ አስጻፈ። ከምስክሮቹ አንዱ በትምህርቱ ተከሶ ከ1324 ጀምሮ በአቪኞን የነበረው እንግሊዛዊ መነኩሴ የኦካሙ ዊልያም ነው። ዊልያም በአለቃው ትእዛዝ የዮሐንስን ድንጋጌዎች መርምሮ ስሕተት አገኘሁባቸው ብሏል። ሜይ 26 ሌሊት ሚካኤል፣ ቦናግራዚያ፣ ዊልያምና ጓደኞቻቸው ወደ ኤግ ሞርት ወደብ ወርደው በመርከብ ወደ ፒዛ ሄዱ፤ በኋላም በሉድቪግ ጥበቃ በሙኒክ ተቀመጡ። ጳጳሱ በቀናት ውስጥ ሚካኤልን ሻሩት። ኖቬምበር 16 ቀን 1329 “ክዊያ ቪር ሬፕሮቡስ” በተሰኘው ረጅም መልሳቸው ነገሩን እስከ ኤደን ድረስ ወሰዱት፤ አዳም ሔዋን ሳትፈጠር ብቻውን የምድር ጌታ ነበር፣ ስለዚህ ባለቤትነት ከሰው ሕግ በፊት ከእግዚአብሔር የመጣ ነው።

ፈረሱ ያልመለሰውን ጥያቄ ዊልያም በሙኒክ መለሰ። ለጳጳሱ ጽሑፍ ቃል በቃል መልስ ሲሰጥ “የዘጠና ቀን ሥራ” ተብሎ በሚታወቀው መጽሐፉ አንድ ልዩነት አበጀ። የመገልገል መብት ማለት፣ ጥፋት ሳይኖርበትና በቂ ምክንያት ሳይቀርብ ሰው ሊነጠቀው የማይገባ፣ ቢነጠቅም ነጣቂውን ፍርድ ቤት የሚያቆምበት ሥልጣን ነው። ፈቃድ ግን ሌላ ነው። የተጋበዘ እንግዳ ከማዕድ ሲበላ በአግባቡ ይበላል፤ ባለቤቱ ሳህኑን ቢያነሣበት ግን አይከስም። ስለዚህ አንድ ድርጊት መብት ሳይኖር ፍትሐዊ ሊሆን ይችላል፤ የባለቤቱ ፈቃድ ይበቃዋል። ሰው ሁሉ በምድር ፍሬ ሊገለገል የሚያስችለው የተፈጥሮ ሕግ አለ፤ የሌላው ባለቤትነት ያን ያግደዋል፣ የባለቤቱ ፈቃድ ወይም የከፋ ችግር ደግሞ እገዳውን ያነሣዋል። ፍራንቸስካዊው እንቁላሉን በዚህ ይበላል። እንቁላሉ ተበልቶ እስኪያልቅ የሰጪው ወይም የሌላ ባለቤት ሊሆን ይችላል፤ ባለቤቱ ምን አተረፈ የሚለው ጥያቄ የበላተኛውን ሁኔታ አይለውጠውም።

ይህ መልስ በ1322 ቢኖር ኖሮ የዮሐንስን ሁለተኛ መከራከሪያ፣ መብት ሳይኖረው የሚጠቀም ያለ አግባብ ይጠቀማል የሚለውን፣ በቀጥታ ይገጥመው ነበር ብዬ አምናለሁ። የመጀመሪያውን፣ የሮም ቤተ ክርስቲያን ባለቤትነት የስም ብቻ ነው የሚለውን፣ ግን አይፈውሰውም። የሚታዘዝለት ወኪል ያለው፣ በወኪሉ የሚሸጥና የሚያስከስስ ማኅበር እንደ እንግዳ ነው የምገለገለው ቢል የሚያምነው ጥቂት ነው። ዊልያም የተራ መገልገልን ትርጉም አዳነ እንጂ የ1283ቱን አሠራር አላዳነም፤ ኦሊቪ ጣቱን ያሳረፈው ቦታ እዚያው ላይ ነበር።

ማኅበሩ ራሱ ስደተኞቹን አልተከተለም። በ1329 በፓሪስ ጌራልድ ኦዶኒስን አለቃ አድርጎ መረጠና ከጳጳሱ ጋር ታረቀ። ቦናግራዚያ በ1340፣ ሚካኤል በ1342፣ ዊልያም በ1347 በሙኒክ ሞቱ። ዮሐንስ የመለሱት ባለቤትነት 106 ዓመት በማኅበሩ እጅ ቆይቶ፣ በ1428 ማርቲን 5ኛ እንደገና ወደ ሮም ቤተ ክርስቲያን መለሱት።